እትዬ ለተማርያምና ተራ ቁጥር አራት

ኳስ አልወድም። ይሄን መጀመሪያ ያዙልኝ፤ ኋላ «ኤቢ ደጋፊ ስለሆነች ነው እንዲህ የምታካብደው» እንዳትሉኝ። እኔ ጅግጅጋ ውስጥ፣ ሜዳው አጠገብ፣ አንዲት ጠባብ የጽሕፈትና የኮፒ ቤት ያለችኝ ሴት ነኝ። ማመልከቻ እጽፋለሁ፣ መታወቂያ ኮፒ አደርጋለሁ፣ መብራት ሲጠፋ እራገማለሁ። ቅርጫት ኳስን ሕይወቴ ውስጥ ይዛብኝ የገባችው እትዬ ለተማርያም ናት። እሷ ደግሞ በር ማንኳኳት የሚባል ነገር አታውቅም።

እትዬ እላታለሁ እንጂ አንቱ አልላትም፤ ራሷ ናት የከለከለችኝ። «ጡረታ ሳልወጣ አንቱ እንዳትዪኝ» ብላኛለች። አያቷ በወታደርነት መጥተው እዚሁ የቀሩ ናቸው፣ አባቷ ጸሐፊ ነበሩ፣ እሷ ደግሞ ሠላሳ አንድ ዓመት ሙሉ በአንድ መሥሪያ ቤት መዝገብ ቤት ውስጥ ፋይል ስታወጣና ስታስገባ ኖራለች። የከተማውን ሠራተኛ ግማሹን እስከ አያት ስሙ ታውቀዋለች። ቢሮ ውስጥ ድምፅዋ አይሰማም፤ ከመደርደሪያዎቹ መሀል ብቅ ትልና ፋይሉን አስቀምጣልህ ትጠፋለች። የሴቶች ቅርጫት ኳስ ባለበት ቀን ግን ሌላ ሰው ናት። ትራሷን በብብቷ፣ ደብተሯን በቦርሳዋ ይዛ ከሁሉ ቀድማ ትገኛለች። ደብተሩ ላይ የእያንዳንዷ ተጫዋች ነጥብ፣ የሳተችው ሁሉ ሳይቀር፣ በእርሳስ ተጽፏል።

ከሁሉም የምትወዳት ኒምኮን ነው። ኒምኮ የድንበሯ ከተማ የቶጎጫሌ ልጅ ናት፤ በዐሥራ ሰባት ዓመቷ ጅግጅጋ ላለ ክለብ ፈርማ መጣች፣ ያን ጊዜ ይሄ የምነግራችሁ ነገር ሲሆን ሃያ ስምንት ሞልቷት ነበር። ግራኝ ናት። ከሜዳው ጥግ በግራ እጇ ሦስት ነጥብ ስትወረውር እኔ ኳስ የማልወደው ሰውዬ እንኳ ከኮምፒውተሬ ቀና እላለሁ። አያችሁ፣ ስለሷ ሳወራ ሴትነቴንም እረሳለሁ።

እናቷ ዐርዶ ደግሞ ቶጎጫሌ ላይ ፔርሙዝና ብርድ ልብስ የምትነግድ፣ ሁለት የሚኒባስ ሹፌር በአንድ ጊዜ መቆጣት የምትችል ሴት ናት። ልጅቷን በቀኝ መብላት ለማስለመድ ግራ እጇን በሻሽ ቁራጭ እያሰረች ነው ያሳደገቻት። በዐሥራ አንድ ዓመት ውስጥ አንድም ቀን መጥታ ጨዋታዋን አላየችም። «በዚያችው እጅሽ ነው አሉ የምትወረውሪው፤ ምኑን ልይ?» ትላለች።

በ2016 ዓ.ም. ረመዳኑም ሁዳዴውም ካለፉ በኋላ የሊጉ ኮሚቴ አዲስ ነገር አመጣ። የኮከቦች ጨዋታ። ክለቦቹ ደሞዝ ከሚከፍሏቸው ልጆች ውስጥ ሕዝቡ በድምፁ ዐሥር የጅግጅጋ ተጫዋቾችን ይመርጣል፤ እነሱ ደግሞ ከቶጎጫሌ፣ ከአውበሬና ከአይሻ ከተመረጡት ዐሥር ጋር በግንቦት ይጋጠማሉ። ኒምኮ ይሄን ለእናቷ በስልክ ብትነግራት ዐርዶ ምን ብትላት ጥሩ ነው? «ከተማው መርጦሽ ከሆነ አንድ ቀን መጥቼ አያለሁ። ካልመረጠሽ ግን ጓዝሽን ሰብስበሽ ነይ፤ ሱቁ ሰው ይፈልጋል።» ኒምኮ ይሄን የነገረችን እኔ ሱቅ ቆማ ነው። እየሳቀች ጀመረችና ሳትጨርሰው ዓይኗ እንባ ሞላ። እናቷን ትወዳታለች፤ ኳሱንም ትወደዋለች፤ መሀል ላይ መቆም ሰልችቷታል።

በማግስቱ እትዬ ለተ ሁለት ገጽ ሙሉ ይዛ ገባች። «የደጋፊ መመሪያ» ይላል ከላይ።

«ጻፊልኝ። በትልቁ። በርሽ ላይ ይለጠፋል።»

«ማን ፈቀደ በሬ ላይ?»

«አሁን ፈቀድሽ» አለችኝ።

ጻፍኩት፤ ምን ላድርግ። አንደኛው ስለ ሰዓት ነው። ጨዋታው እሑድ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ነው፣ ዘጠኝ ማለት ዘጠኝ ነው፣ «መንገድ ላይ ነኝ» የሚል ሰው ገና ከበርጫው አልተነሣም ማለት ነው ይላል። ሁለተኛው ስለ መቀመጫ፤ በምሥራቅ በኩል የተቀመጠ ፀሐይ ፊቱን ትጠብሰዋለች፣ በምዕራብ በኩል የተቀመጠ ጥላ ያገኛል ግን ነፋሱ አቧራውን የሚያራግፈው እዚያ ነው፣ ምርጫው የራሳችሁ ነው። ሦስተኛው ጫት ይዞ መግባትን ይከለክላል፤ የማይበላው ቅጠል፣ ገረባው፣ ሜዳ ላይ እየወደቀ ልጆቹን ያንሸራትታል። ሳምቡሳ የበላ ሰው ደግሞ እጁን ሳይታጠብ ወደ ሕዝቡ የወጣችን ኳስ እንዳይነካ።

አራተኛውን ስታነብልኝ ድምፅዋ ተለወጠ። «ከመቀመጫ ሆኖ ማሠልጠን ክልክል ነው። ‹አቀብይ፣ ወርውሪ፣ በዚህኛው እጅሽ› ብሎ መጮኽ የለም። ልጅቷ አሰልጣኝ አላት።» ይሄ ሕግ በሷ ዘንድ ቀልድ አይደለም። አንድ ጊዜ አንድ ደልደል ያለ ባለሥልጣን ከኋላዋ ተቀምጦ «አቀብይ!» እያለ ቢያስቸግር፣ ዞራ «ጌታዬ፣ ወይ ይውረዱና ያሠልጥኑ፣ ወይ ዝም ይበሉ» ብላዋለች። ዝም አለ። ጨዋታው እስኪያልቅ ሳል እንኳ አልሳለም።

የመጨረሻው የኮከቦች ጨዋታ ከሌላው ጨዋታ በምን እንደሚለይ ይናገራል። እስከ ሦስተኛው ሩብ ድረስ ማንም ማንንም አይከላከልም፣ ይሳሳቃሉ፣ ይቀላለዳሉ፣ ይሄ ንቀት ሳይሆን የጨዋታው ወግ ነው፣ አትናደዱ። የመጨረሻዎቹ አምስት ደቂቃዎች ላይ ግን እውነተኛው ይመጣል፣ ሽንት ቤት ከዚያ በፊት ሂዱ።

ሰዉ በሬ ላይ እየቆመ ያነባል፣ ይስቃል፣ ኮሚቴው ሥሩ ባስቀመጠው ሣጥን ውስጥ የመረጣትን ልጅ ስም ጽፎ ይጨምራል። የኮሚቴው ጸሐፊ ዐብዲናስር ቆጠራውን ለማን እንደሚሰጥ አንድ ደቂቃ እንኳ አላሰበም። «ለኤዶ ለተ» አለ። ኤዶ በሶማሊኛ አክስት ማለት ነው፤ የሶማሌ ልጆች ሁሉ እንዲህ ነው የሚሏት። በከተማው ውስጥ አንድ ወረቀት ሳትጥል፣ አንድ ስም ሳታዛባ የምትቆጥር እሷ ናት፤ ይሄን ጠላትም አይክድም።

ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ሱቄን ዘግተን ቁጭ አልን። እኔ አነባለሁ፣ እሷ በእርሳስ ጭረት እያደረገች አምስት አምስቱን ታስራለች። ትእዛዙ አጭር ነበር፤ ብዙ ድምፅ ያገኙት ዐሥር ስሞች ዐርብ ከጁምዓ ሰላት በፊት ይለጠፋሉ።

አሁን አንድ ነገር ላስረዳችሁ። እኛ ከተማ የሰው ስም መታወቂያው ላይ ያለው ብቻ አይደለም። ሶማሌ ጎረቤቶቻችን ዘንድ ቅጽል ስም የሌለው ሰው ማግኘት ይከብዳል፤ ረጅሙ በረጅምነቱ፣ አንካሳው በእግሩ፣ ጥርሰ ፍንጭቱ በጥርሱ ይጠራል፣ ማንም አይቀየምም። ገበያ ገብተህ «ዐብዲናስር!» ብትል ሃያ ሰው ዞር ይላል፤ በቅጽል ስሙ ብትጠራው ግን አንዱ ብቻ ይመጣል። ኒምኮን የሶማሌ ልጆች «ጉሬይ» ነው የሚሏት፤ አማርኛ ተናጋሪው ደግሞ ያንኑ ተርጉሞ «ግራኟ» ይላታል። ትክክለኛ ስሟን የሚጽፈው ሦስተኛ ወገን ነው።

ቆጠራው አለቀ። ዐሥረኛ ሳብሪን፣ መቶ አርባ አንድ። ከሷ በታች ጉሬይ ዘጠና ስድስት። ኒምኮ ሰማንያ ስምንት። ግራኟ ሃምሳ ሰባት።

እትዬ ለተ እርሳሷን አስቀመጠች። ፊቷ ዐመድ መሰለ።

«ደምሪው እንጂ!» አልኳት። «ሁለት መቶ አርባ አንድ ነው፤ ሦስተኛ ትወጣለች።»

«አልደምርም። የተጻፈው እንደተጻፈ ነው።»

«አብደሻል እንዴ? ጉሬይ ማን እንደሆነች ጅግጅጋ ያለ ፍየል ያውቃል!»

«ሃኒም ግራኝ ናት።»

ሃኒ በሌላ ክለብ የምትጫወት፣ አዎ፣ ግራኝ የሆነች ልጅ ናት። ግን ጉሬይ ብሎ የጠራት ሰው ሰምቼ አላውቅም፤ ይሄንንም ነገርኳት።

«አለመስማትሽ ማስረጃ አይሆንም» አለች።

ይቺ ሴት ለምን እንዲህ እንደሆነች አውቃለሁ። ከሃያ ዓመት በፊት ሺሬ የሚባሉ ሁለት መምህራን ነበሩ። አንደኛው የሚስቱ ቤተሰብ አይሻ ስለሚኖሩ ወደዚያ ዝውውር ጠየቀ። እትዬ ለተ ሁለቱ ፋይሎች የአንድ ሰው ናቸው ብላ ገመተችና አንድ ላይ አሰረቻቸው። ጅግጅጋ ላይ ባገባ በወሩ ወደ አይሻ የተላከው ሌላኛው ሺሬ ሆነ። ሁለት ዓመት ሙሉ በዚያ ሙቀት ተጠበሰ። እስከ ዛሬ መንገድ ላይ ሲያገኛት ግንባሩን እየጠረገ ነው ሰላም የሚላት። ከዚያ ወዲህ ስም ላይ ግምት የሚባል ነገር እርም ብላለች።

«ደግሞ ሌላም አለ» አለች ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ። «ኒምኮን እንደምወዳት ከተማው ያውቃል። እኔ በራሴ ግምት ደምሬ ባስገባት ነገ ምን ይባላል? እናቷስ ብትሰማ? ‹አንቺን ከተማው አልመረጠሽም፣ አሮጊቷ ናት የመረጠችሽ› አይደል የምትላት? ያኔ ባትገባ ይሻላት ነበር።»

ልክ ነበረች። ልክ መሆኗ ነው ያናደደኝ። «እንግዲያው ከነንጽሕናሽ ተቀመጪ! ልጅቷ ፔርሙዝ ትሽጥ!» ብዬ ጮኽኩባት። ወረቀቶቹን በላስቲክ አሰረች፣ ትራሷን አነሣች፣ በሩ ጋ ስትደርስ ትከሻዋ ሲንቀጠቀጥ አየሁ። ሠላሳ አንድ ዓመት ያላለቀሰች ሴት አስለቀስኩ ብዬ ራሴን ጠላሁት።

በማግስቱ ጧት ሁለት ሰዓት ላይ፣ እንደ ልማዷ ሳታንኳኳ፣ ገባች።

«ተነሺ። ፋይል የሚዋሃድበት መንገድ አለ። ትናንት ተናድጄ ነው የረሳሁት።»

«ምንድን ነው?»

«ምስክር። ግን ባለቤቷ አትመሰክርም፣ ወዳጇም አትመሰክርም። ፋይሉ ቢዋሃድ የሚጎዳው ሰው ነው የሚፈርመው። እሱ ከፈረመ ማንም አፉን አይከፍትም።»

«የሚጎዳው ማነው ታዲያ?» አልኩና ሳልጨርሰው ገባኝ። «ሳብሪን! ሳብሪን ፈርማ ራሷን ታውጣልሽ? አሁን ይሄ ይጠየቃል?»

«መጠየቅ ነው።»

በባጃጅ ሄድን። ሳብሪን ዐሥራ ዘጠኝ ዓመቷ ነው፤ ብቻዋን ኳስ እያነጠረች አገኘናት። እጇ እስከ ክንዷ ሒና ተቀብቷል። ዐሥረኛ መሆኗን ሰምታለች። ማን እንደነገራት አትጠይቁኝ። እሺ፣ እኔ ነኝ፤ ማታ በስልክ አምልጦኝ ነው።

እትዬ ለተ ምንም አልሸፋፈነችም። ወረቀቱን ሰጠቻትና «ጉሬይና ግራኟ ማን እንደሆነች የምታውቂ ከሆነ እዚህ ላይ ፈርሚ። ብትፈርሚ አንቺ ከዝርዝሩ ትወጫለሽ። ባትፈርሚ ግን ማንም አይቀየምሽም፣ እኔም አልቀየምሽም» አለቻት።

ልጅቷ ወረቀቱን ብብቷ ውስጥ ሸጎጠች። ኳሷን አነጠረች፣ ያዘች፣ ደግሞ አነጠረች። እኔ መሬት ነው የማየው።

«ኤዶ፣ ጉሬይ ብለው የጻፉት ስንት ናቸው?»

«ዘጠና ስድስት።»

«አንዷ የኔ ናት» አለች ሳብሪን። «እኔ ራሴ ነኝ የጻፍኳት። ኳስ መያዝ ያስተማረችኝ እሷ ናት።»

ፈረመች። ከዚያ በሻሿ ጫፍ ዓይኗን ጠረገችና ወደ እኔ ዞረች፤ «አንቺን ግን አልለቅሽም! አክስቶቼን በሙሉ ጠርቻለሁ!» አለችኝ። ከዚያ ሃኒን ፈልገን አገኘናት። «ጉሬይ ብሎ የጠራኝ የለም፤ ቢሉኝማ ደስ ባለኝ» ብላ እሷም ፈረመች።

ዝርዝሩ ከጁምዓ በፊት በሬ ላይ ተለጠፈ። ሦስተኛው ረድፍ ላይ «ኒምኮ፣ ጉሬይ፣ ግራኟ፤ ሦስቱም አንዲት ሰው ናት» ይላል፤ ከጎኑ የሳብሪን ፊርማ ኮፒ አለ። ዐብዲናስር አንብቦ ራሱን ነቀነቀና ማኅተሙን መታ። አንድም ሰው አላጉረመረመም።

እሑድ ዘጠኝ ሰዓት ላይ፣ ተአምር ነው፣ ሜዳው ሞልቷል። ዐርዶ ከቶጎጫሌ ስድስት ነጋዴ ሴቶች አስከትላ በሚኒባስ መጣች፤ እያንዳንዳቸው ፔርሙዝ ይዘዋል። ሳብሪን ከነአክስቶቿ ተቀብላ ከእኔና ከእትዬ ለተ ኋላ አስቀመጠቻቸው፣ ራሷም ዐርዶ ጎን ተቀመጠች። ዐርዶ የጉምሩክ ፈታሽ ፊት ይዛ ሜዳውን ታያለች። ኒምኮ ለማሟሟቅ ስትወጣ ቀና ብላ እናቷን አየቻት። ወዲያው ዓይኗን ሰበረች።

ጨዋታው መመሪያው እንዳለው ሆነ። የአይሻዋ ተጫዋች ኳስ ነጥቃ የነጠቀቻትን ልጅ አቀፈቻት፣ የአውበሬዋ ዳኛውን አታለለች፣ ሕዝቡ በሳቅ ፈረሰ። ግን አንድ ነገር ልክ አልነበረም። ኒምኮ በቀኝ እጇ ነበር የምትወረውረው። የመጀመሪያውን ሳተች። ሁለተኛውን ሳተች። ሰባተኛው ቀለበቱን ሳይነካ ወጣ። ሕዝቡ መጀመሪያ ቀልድ መስሎት ሳቀ፤ ኋላ እርስ በርሱ ይተያይ ጀመር። እኔ ወዲያው ነው የገባኝ። እናቷ ፊት ያቺን እጅ ማንሣት አቃታት።

«በግራሽ በያት እንጂ!» አልኩ እትዬ ለተን። «ልጮኽ ነው!»

ክንዴን ያዘችኝ። «ተራ ቁጥር አራት» አለች። ሻሿን ነክሳዋለች፤ ደብተሯ ላይ የጻፈችው ሁሉ ስሕተት ብቻ ነው። የራሷ ሕግ አሰራት፤ እኔ ደግሞ በንዴት ልፈነዳ ደረስኩ።

የመጨረሻው አምስት ደቂቃ ገባ፤ ሳቁ ቆመ፣ ክርን ከክርን መጋጨት ጀመረ። ሊያልቅ ጥቂት ሰከንዶች ሲቀሩ በሁለት ነጥብ ተመርተናል። ያኔ ከኋላዬ ዐርዶ ሳብሪንን ስትጠይቃት ሰማሁ፤ በሶማሊኛ ነው፣ እኔም እሰማለሁ።

«ልጄ እንዲህ ናት እንዴ? በዚህ ነው ከተማው የመረጣት?»

«አይደለም» አለቻት ሳብሪን። «በግራዋ ቢሆን አትስትም። አንቺን ፈርታ ነው።»

ኳሷ ዞራ ዞራ ከሜዳው ጥግ ኒምኮ እጅ ገባች። ብቻዋን ናት። ቀኝ እጇን አነሣች። ከኋላዬ ፔርሙዝ ወድቆ ሲንኳኳ ሰማሁ፤ ከዚያ በሕይወቴ ሰምቼው የማላውቅ ጩኸት ጆሮዬን በጠሰው።

«ጉሬይ! በግራሽ! በግራሽ፣ ልጄ፣ በግራሽ!»

ኒምኮ ደነገጠች። ኳሷን ወደ ግራዋ አዛወረችና ወረወረች። ገባች። ሦስት ነጥብ። ሜዳው ተገለባበጠ፤ እኔ ኳስ የማልወደው የማላውቀውን ሰው አንገት አቅፌ እጮኻለሁ። ትንፋሼ ሲመለስ ወደ እትዬ ለተ ዞርኩ። ትራሷ ላይ ቆማለች፣ እንባዋ በአገጯ ይወርዳል።

«ተራ ቁጥር አራት ተጣሰ እኮ» አልኳት።

«ዝም በይ አንቺ!» አለችኝ።

ታች ስንወርድ ዐርዶ የልጇን ግራ እጅ ይዛ እንደ ገበያ ዕቃ እያገላበጠች ታየዋለች። «ስንት ዓመት አሰርኩህ» ትለዋለች፣ እጁን ነው የምታናግረው። ከዚያ ሳመችው። ኒምኮ እናቷን «ሆዮ፣ ተዪ፣ ሰው ያየናል» እያለች ትስቃለች፣ ታለቅሳለች። ስለ ጓዝና ስለ ሱቅ ያነሣ የለም። ሳብሪን ደግሞ ዘንድሮ በድምፅ ሁለተኛ ወጥታለች፣ ስለዚህ አታዝኑላት።

ሰኞ ጧት እትዬ ለተ ሳታንኳኳ ገባች፣ መመሪያውን ከበሬ ላይ ላጠችና ጠረጴዛዬ ላይ ዘረጋችው።

«አራተኛው ላይ ስሕተት አለ፤ አርሚልኝ» አለች።

አረምኩት። አሁንም በሬ ላይ ነው፣ መጥታችሁ ማንበብ ትችላላችሁ። ከመቀመጫ ሆኖ ማሠልጠን ክልክል ነው፤ እናት ስትቀር።